ፎሙ በእትዬ በኩል ወጣ

ኅዳር 18 ቀን 2010

ሁለት ክፍለ ጊዜ ፊዚክስ አስተምሬ ገባሁ። ከሰዓት በኋላ ሥራ የለም፣ ክፍሌን የሚያቀዘቅዘው ነፋስ ከየት እንደሚገባ ስፈልግ ዋልኩ። መስኮቱ ጥብቅ ነው፣ በሩም ደህና። ታዲያ ከየት ነው የሚገባው? ሻማ አብርቼ ጥግ ጥጉን ዞርኩ። አንድ ቦታ ላይ ነበልባሉ ተኛ። ቤቱን ለሁለት የከፈለው ኮምፔርሳቶ ከጭቃው ግድግዳ የሚገጥምበት ቦታ፣ ከላይ እስከ ታች ክፍተት፣ ሁለት ጣት ያስገባል። ከወዲያ ታላቅ እህቴ እትዬ ደሳለች ናት።

ቤቱ የአባታችን ነው። ሽማግሌዎች ለሁለት ከከፈሉልን አራት ዓመት ሆነ። ከዚያ ወዲህ ከእሷ ጋር አንነጋገርም። ግቢ ውስጥ ስንተላለፍ እሷ ወደ አጥሩ ታያለች፣ እኔ ወደ ጫማዬ።

ኅዳር 20

ጌጡ የሕንፃ መሣሪያ ሱቅ ሄድኩ። ባለሱቁ አንድ ቆርቆሮ አቀበለኝ። «ጋሼ በላይ፣ ጭቃ ምን ያደርግልዎታል? ይሄን ፎም ይንፉበት። ያብጣል፣ ይደርቃል፣ አለቀ!» ጽሑፉ በማላውቀው ቋንቋ ነው፣ ሥዕሉ ግን ግልጽ ነው። ነቅንቅ፣ ዘቅዝቅ፣ ንፋ። ሥዕሉ ላይ ክፍተቱን የሚሞላው ግን እስከ ግማሽ ብቻ... ለምን ግማሽ?

«ምን ያህል ያብጣል?» አልኩት።

«እንጃ... ብዙ።»

ይሄም መልስ ሆኖ!

ኅዳር 22

መጀመሪያ ሙከራ። የሻይ ብርጭቆ ውስጥ ትንሽ ነፋሁ፣ በማስመሪያ ለካሁ። ሦስት ሴንቲሜትር። ከአሥር ደቂቃ በኋላ አምስት። ደስ ሲል! ግን ቱቦው ጫፍ ላይ ያለው መድረቅ ጀመረ። ነገ ብል ሊበላሽ ነው። የተከፈተ ዕቃ መጣል ደግሞ አልወድም። ግማሽ የሚለውን ሥዕል እያየሁ ቆርቆሮው ባዶ እስኪሆን የግድግዳው ክፍተት ውስጥ ነፋሁት።

ብርጭቆው ኩፍ እንዳለ ሊጥ ሞልቶ የፈሰሰው ከዚያ በኋላ ነው። ቀና ብዬ ግድግዳውን አየሁ። እሱም እያበጠ ነው።

እጄ ላይ የተጣበቀው በሳሙና አይለቅ፣ በላምባ አይለቅ።

ኅዳር 23

በር ተንኳኳ። እትዬ ደሳለች! ከአራት ዓመት በኋላ።

«ና እስቲ እይ።» ሰላምታ የለም። ተከትያት ገባሁ። ቢጫ ነገር ከጥጉ እየተጠቀለለ ወጥቶ የእመቤታችንን ሥዕል ገፍቶ አጣሞታል።

«ምንድን ነው?»

«ፎም ነው፣ እትዬ።»

«ሕይወት አለው እንዴ?»

«የለውም። ውስጡ ጋዝ አለ፣ እሱ ነው የሚነፋው...» ማስተማር ጀመርኩ። በጣቷ ነካ አደረገችው። ጆሮዋን አስጠግታ አዳመጠች። ገርሟታል፣ ሳቋ ሊመጣ ነበር። ከዚያ ፊቷ መልሶ ተኮሳተረ።

«አንተ መቼም ወደ እኔ መግፋት አይሰለችህም» አለች።

ወደ ክፍሌ ተመለስኩ።

ኅዳር 24

እዚህ ደብተር ላይ እንኳ ጽፌው አላውቅም። ቤቱ ሲከፈል ሽማግሌዎቹ በገመድ ለክተው ችካል ተከሉ። ለምሳ ሲገቡ ነቀልኩት። አንድ ስንዝር ወደ እትዬ ወስጄ መልሼ ተከልኩት። አልጋዬ በቁመቱ አልገባ ብሎ ነበር። በቃ ይኸው ነው ምክንያቱ።

«ችካሉ ተነክቷል» አለች። «ከነካሁ የአባቴ አጥንት ይፋረደኝ» ብዬ ማልኩ። እኔን አመኑኝ፣ አስተማሪ ነኛ! እሷ ውሸታም ሆና ቀረች።

ልንገራት? ጭራሽ ብትዘጋኝስ? ...አሁንስ ምን ከፍታልኝ ነው የምትዘጋኝ?

ኅዳር 26

ፎሙን ልቆርጥላት ቢላ ይዤ ሄድኩ። እንደ ዳቦ ነው የሚቆረጠው፣ ውስጡም ቀዳዳ ቀዳዳ። እሷ ሥዕሉን ይዛ ቆማለች። ሳላያት ነገርኳት።

«ችካሉን ነክቼዋለሁ።»

«ስንት?» አለች።

«አንድ ስንዝር።»

«በማን ስንዝር?»

እጄን ዘረጋሁ። ፎሙ ገና አልለቀቀም። ትክ ብላ አየችው።

«ሂድ» አለች።

ኅዳር 29

ከእትዬ ምንም የለም።

ታኅሣሥ 3

ዛሬም ምንም። ተማሪዎቼ «ቲቸር፣ እጅዎን ምን ነካው?» አሉኝ። የተለጠፈብኝ ነገር እንዳለ ነገርኳቸው። አፈርኩ።

ታኅሣሥ 9

ከትምህርት ቤት ስገባ ሽማግሌዎቹ ግቢያችን ውስጥ ተቀምጠዋል። እትዬ ጠርታቸው ነው። አናጢው ዘውዱም መጋዙን ይዞ አጥሩ ሥር ቆሟል።

«ለእኔ የነገርከኝን ንገራቸው» አለችኝ።

ነገርኳቸው። ያኔ ሽማግሌዎቹን መርተው ቤቱን የከፈሉልን አባ አለሙ ተነሡ፤ ለእኔ ግን አልነበረም። «ደሳለች ልጄ፣ እውነት ይዘሽ ሳለ አላመንንሽም። ይቅር በይን» አሏት። እትዬ ነጠላዋን ፊቷ ላይ አደረገች። ስታለቅስ ያየኋት አባታችን የተቀበረ ዕለት ብቻ ነው።

ዘውዱ ኮምፔርሳቶውን ነቅሎ አንድ ስንዝር ወደ እኔ መለሰው። በእጄ ለክቶ። አዲስ ክፍተት መጣ። እትዬ ከፌስታሏ አዲስ ፎም አወጣች። ራሷ ልትነፋ ነው።

«ግማሽ ብቻ፣ እትዬ።»

«ሰማሁህ።»

ግማሽ ብቻ ነፋች። ተቀምጠን ሲያብጥ አየነው፣ ሁለታችንም።

አልጋዬ እንደ ፈራሁት አልገባም። አዞርኩት። አሁን ራስጌው ኮምፔርሳቶው ሥር ነው። አመሻሽ ላይ ጋደም ብዬ ሳለ ከወዲያ ሁለቴ ተንኳኳ።

«በላይ... ነፋስ አለ?»

«የለም፣ እትዬ።»

«እዚህም የለም» አለች።