ጠመንጃህ የት እንደገባ

ወንድምዓለም፣ ከዚህ በታች ያለው ሁሉ እውነት ነው፤ ብዋሽ ምላሴ ይቆረጥ።

ሥራ ላይ ስለነበርክ ላስቸግርህ አልፈለግሁም። ጌምህን ከፍቼ ወር ሙሉ ለፍተህ ባገኘኸው፣ በዚያ በምትሳሳለት ጠመንጃ ገባሁ። ቦርሳህን ጥይትና መድኃኒት ሞላሁት። መቼም ሕጉን ታውቀዋለህ፦ መውጫው ጋ ሳይደርስ የሞተ፣ የያዘው ሁሉ ለገዳዩ ነው። ስለዚህ አልተስገበገብኩም። መውጫው አጠገብ ቁም ሣጥን ውስጥ ገብቼ ትንፋሼን ዋጥኩ። አንዱ ተጫዋች ዳናዬን ተከትሎ ክፍሉን ያስሳል።

ይኼኔ የእኛ ቤት በር ተከፈተና እናትህ ገቡ።
እንደሚመጡ አልነገርከኝም።
እኔም እንደ ጨዋ ልጅ ብድግ ብዬ «ኖር!» አልኩ። ለካ ማይኩ ክፍት ነው። ሰውየው ድምፄን ሰምቶ ወደ ቁም ሣጥኑ ዞረና «በእግዜር» ብሎ አርከፈከፈብኝ።

ጠመንጃህም ቦርሳህም ሄዱ።

እናትህ አልጋዬ ላይ ተኝተዋል፤ በሩን ቀስ አድርገህ ክፈት። ሾርባው ምድጃው ላይ ነው። ንዴትህ እስኪበርድ እህቴ ጋ ነኝ። ደግሞ ስትጫወት ማይክህን ዝጋ፤ እዚያ አገር ሰው የሚገድለው በጆሮው ነው።

እሺ፣ አንዲት ነገር ጨምሬያለሁ። «በእግዜር» ያሉት እናትህ ናቸው። ያ ባለጌ ቃል ሳይተነፍስ ነው የተኮሰው።