ከሎጊያ እስከ ሰመራ የሚበስል ዳቦ ቆሎ

አባባዬ፣ አሰላሙ አለይኩም። ከተለየኸን ትናንት ድፍን ዓመት ሆነ። ሰደቃህ ወጥቷል፤ ሰው በልቶ ዱዓ አድርጎልሃል። «ምን አበላችኋቸው?» ማለትህ ስለማይቀር ነው የምጽፍልህ።

ቤቱ ደህና ነው። ሰመራም ሙቀቷን አልቀነሰችም። ጓደኞችህ ጋሽ ሰይድና ጋሽ ይማም ዛሬም በራችን ላይ ይቀመጣሉ። አንዱ አብረውህ የነዱ፣ ሌላው መኪናህን ሲጠግኑ የኖሩ። ሁለቱ ተደምረው አራት ጥርስ እንኳ የላቸውም፤ ስለ ዳቦ ቆሎ ጥንካሬ ግን ፈራጆቹ እነሱ ናቸው።

ሚስትህ እማማ «የሱ ዳቦ ቆሎ ከነሁመር ማጥቀሻው ካልቀረበ ሰደቃ አላወጣም» ብላ ማለች። አንተ የሠራኸው የመጨረሻው ጣሳ ካለቀ ወራት አልፈዋል፤ ጣዕሙን የሚያውቀው እጅ ደግሞ ካንተ ጋር ሄዷል። «እኔ እሠራዋለሁ» አልኩ። አፌን ታውቀው የለ።

ወረቀትህን የመኪናው ሊብሬ መያዣ ውስጥ አገኘሁት። ዱቄቱ፣ በርበሬው፣ ጥቁር አዝሙዱ፣ ዘይቱ፣ ሁሉም በሲኒ ተለክቶ ተጽፏል። ሰዓቱ ጋ ስደርስ ግን፣ አባባ፣ ምን ነክቶህ ነው? «ሊጡ ከአዋሽ እስከ ገዋኔ ይረፍ። ሁመሩ ከአዳይቱ ሚሌ ይዘፍዘፍ። ዳቦ ቆሎው ከሎጊያ ሰመራ ምድጃ ውስጥ ይቆይ።» ይኼ የምግብ አሠራር ነው ወይስ የጉዞ ትእዛዝ? ሊጥ ትንሽ ቢያርፍ፣ የሁመር ፍሬም ኮምጣጣነቱን እስኪለቅ ውሃ ውስጥ ቢያድር ማንንም አይጎዳም። ያ ከበርሜል የሠራኸው ምድጃ ግን ይቅርታ አያውቅም።

ከሎጊያ ሰመራ በባጃጅ መጥቼ ለካሁት፤ አሥር ደቂቃ። አሥር ደቂቃ የጋገርኩት ዳቦ ቆሎ እንደ ማስቲካ ተጣበቀ። ጋሽ ሰይድ ሳቁብኝ። «አያትሽ ባጃጅ ነበር እንዴ የሚነዳው? ባለ ተሳቢ ነው፣ ከነጭነቱ!» ጋሽ ይማም ቀበል አድርገው «ያ ሞተርስ መንገድ ላይ ውሃ ሳይጠጣ መቼ ሰመራ ገብቶ ያውቃል?» አሉ። ጋሽ ሰይድ ደግሞ «ባንተ ጥገና ነዋ!» አሏቸው። ራዲያተሩን ማን እንዳበላሸው ሲከራከሩ፣ እኔም አፌን ከፍቼ ስሰማ፣ ሁለተኛው ትሪ ከሰል ሆነ። ሽማግሌዎቹ ከከሰሉ አንዳንድ አንስተው ሁመር ውስጥ ነክረው ሲጠቡት ቆዩና «ጨው አንሶታል» አሉ።

ሰደቃው ነገ ሊሆን ዛሬ እጄን ሰጠሁ። «እማማ፣ አልቻልኩም፤ ጣዕሙን ይዞት ሄዷል» አልኳት። ሦስተኛውን ትሪ ራሷ ምድጃው ውስጥ ከተተችና ጓዳ ገብታ በሩን ዘጋች። ሽማግሌዎቹ «ተቆጣች» ብለው ተንሾካሾኩ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ተስማሙ።

ቆይታ ቆይታ ወጣች። ታጥባ፣ ፀጉሯን ቅባት ነክታ፣ ያን ቢጫ ቀሚሷን ለብሳ፣ ዓይኗን ተኩላ! ካንተ ወዲህ ኩል ነክታ አታውቅም። «አሁን አውጪው» አለችኝ። አወጣሁት። ቀላ ብሏል። ነከስኩት፤ ኮሽ አለ። ሁመሩ ውስጥ ነክሬ ደገምኩት፤ አንድ ዓይኔ በራሱ ተጨፈነ። አንተ ነህ፣ አባባ። ራስህ።

ለካ አንተ ሎጊያ ስትደርስ ለጎረቤት ሱቅ ትደውል ነበር። «መጣልሽ» ሲሏት እማማ መኪናህ ሰመራ እስኪገባ ታጥባ፣ ተኩላ፣ ለብሳ፣ ምንም እንዳልሰማች ደጅ ላይ ትቀመጣለች። «እሱስ ብትይ» አለችኝ እየሳቀች፣ «ከተማው መግቢያ ላይ መኪናውን አቁሞ ሸሚዝ ይቀይራል፤ በናፍጣው ላይ ሽቶ ይደፋበታል። ያላወቅኩበት መስሎት!» ጋሽ ሰይድ ያን ሁሉ ዘመን ጎንህ ተቀምጠው «እኔ እኮ ጎማ ሊያይ የሚወርድ ነበር የሚመስለኝ» አሉ። እማማ እስክታነባ ሳቀች። ከዚያ ማንባቱ ብቻ ቀረ፤ ኩሉም ወረደ። እኔም አብሬያት።

የሰደቃው ዕለት ከዳቦ ቆሎው ፍርፋሪ አልተረፈም። ሴቶቹ ሁሉ አሠራሩን ጠይቀውኛል። በርበሬውንና አዝሙዱን ነግሬያቸዋለሁ፤ የምድጃውን ሰዓት ግን ለማንም አልነገርኩም። እኔ ግን ይዤዋለሁ። ትሪውን እከታለሁ፣ «እማማ፣ ሎጊያ ደርሷል» እላታለሁ፣ ተኩላ እስክትወጣ ምድጃው አጠገብ እቀመጣለሁ። በሕይወት እስካለሁ አንተን የምጠብቅህ እንደዚህ ነው።

የልጅ ልጅህ፣ ነኢማ