የሄልጋ መርዶ

ጃንዋሪ 12፣ 2021፣ ማክሰኞ ጠዋት
መድኃኒት ሰጠሁ። አጃቸውን ግማሽ በሉ። ከዚያ ያው በወጣትነታቸው የሠሩበት የድሮ ፊልም። የማስታምማቸው ወ/ሮ ኤልፍሪደ እሳቸው ብቅ ሲሉ አቁሚው ይሉኛል፤ ላፕቶፑን እስካቆመው አልፈዋል። ወደኋላ እመልሳለሁ፤ አሁንም ያመልጡኛል። ይቆጣሉ። እኔም በሆዴ እቆጣለሁ። ከጦርነቱ በኋላ በጀርመን ፊልም ያልሆኑት የለም፤ ቤት አከራይ፣ ባሏ የሞተባት፣ ዳቦ ሰልፍ ላይ የምትነጫነጭ። ፊትሽ የተራበ ነው እያሉ ገና በሃያዎቹ ሳሉ አሮጊት ያሠሯቸው ነበር። ዋና ሆና ከፊት የምትቆመው ሁልጊዜ ጓደኛቸው ሄልጋ ናት። እስከ ዛሬም እሑድ እሑድ ከሃምቡርግ በላፕቶፑ ትደውላለች። ያን ቀን ብቻ ነው ሲስቁ የምሰማቸው።

ከሰዓት
ልጃቸው ፒተር ከካሊፎርኒያ ደወለ። ሄልጋ ሞታለች። እናቴ ስልክ አይሰማትም፣ ስትነሳ ንገሪልኝ አለ። ከፋርማሲ ተደውሎ ነበር በይልኝ እንደማለት። ማስታወሻዬ፣ መርዶ እንዲህ ይነገራል? ዘጠና ላለፋቸው ሴት፣ ብቻቸውን፣ ሶፋ ላይ? ሰው ተሰብስቦ፣ በማለዳ፣ ደጋፊ ባለበት ነው እንጂ። የሰፈሬ ሰው እትዬ አልማዝ ጋ ደወልኩ። «እንዳትነግሪያቸው። እኔ ይሄን ሳምንት ፉል ሺፍት ነኝ፤ የሚቀጥለው ቅዳሜ ኦፍ ስሆን ሰው ይዤ እመጣለሁ» አሉኝ። ላፕቶፑን ቁም ሳጥን ውስጥ ደበቅኩት። ወሬውን እዚያ ቢያዩትስ።

ጃንዋሪ 17፣ እሑድ
ሄልጋ ለምን አልደወለችም ይላሉ። ላፕቶፑ ተበላሽቷል አልኩ። ሊፕስቲክ ተቀብተው እስከ ማታ ጠበቁ። ፒተር እንደሆነ የነገርኳቸው መስሎት ዝም ብሏል። ደከመኝ። መዋሸት ከማጠብና ከማልበስ ይልቅ ያደክማል።

ጃንዋሪ 23፣ ቅዳሜ ማለዳ
እትዬ አልማዝና ሁለት ሴቶች ነጠላ አዘቅዝቀው፣ ማስክ አድርገው መጡ። የወ/ሮ ኤልፍሪደን እጅ ይዤ አረዳኋቸው። ሴቶቹ ለማያውቋት ሄልጋ ከልባቸው አለቀሱ። ወ/ሮ ኤልፍሪደ አላለቀሱም። መቼ ሞተች አሉኝ። ነገርኳቸው። ላፕቶፑን አምጪ አሉ።

የሄልጋ ልጅ ኢሜይል ጽፋለች። ሐሙስ በዙም ሽኝት አለ፤ እናቴ እንዲናገሩላት የፈለገችው እርስዎን ብቻ ነው ትላለች። ሐሙስ አልፏል። ሲጠብቋቸው ቆይተው ያለ ንግግር መለያየታቸውን በሁለተኛ ኢሜይል ጽፋለች።

«እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ሁለት ቃል ተናገሪና ውጪ ስባል ኖሬያለሁ» አሉኝ። «ሄልጋ ሙሉ ንግግር ሰጠችኝ። አንቺ ቁም ሳጥን ውስጥ ከተትሽው።»

ተናድጃለሁ። በፒተር፣ በእትዬ አልማዝ ኦፍ፣ ከሁሉም በላይ በራሴ። ደግ ሠራሁ ብዬ ነበር እኮ።

ጃንዋሪ 25፣ ሰኞ
አያናግሩኝም። ምሳው እንደቀረበ ተመለሰ። ፒተር የሆነውን ሰምቶ ደውሎ ጮኸብኝ፤ ሐዘንተኞቹን እንዳታስቸግሪ፣ ያለፈው አልፏል አለ።

እንዴት ነው የሚያልፈው? እኛ ዘንድ ሰው በአንድ ቀን ተሸኝቶ አያልቅም። አርባ አለ። የሄልጋ አርባ ገና ነው፤ ዘመድ እንደገና ይሰበሰባል፣ የቀረ ሰው ይደርሳል። ይህንኑ ጀርባቸውን ለሰጡኝ ለወ/ሮ ኤልፍሪደ ነገርኳቸው። ወደ እኔ ዞረው፣ የሄልጋ ልጅ እምቢ ብትልስ አሉ። ከቅዳሜ ወዲህ ያናገሩኝ ይህን ብቻ ነው። ፈርተዋል።

ቁጥሯ ኢሜይሉ ላይ አለ። ፒተር ካባረረኝም ያባርረኝ። እደውላለሁ። እሳቸው አልቀሩም፣ ያስቀረኋቸው እኔ ነኝ ብዬ እጀምራለሁ፤ እንግሊዝኛዬ እስከወሰደኝ ድረስ። ከዚያ አርባን አስረዳታለሁ፤ ንግግሩ ያኔ ይሁንላቸው ብዬ እለምናታለሁ።

እየጠራ ነው። ወ/ሮ ኤልፍሪደ ሳልደግፋቸው ተነስተው ቆመዋል። የሄልጋ ልጅ አነሳች።