በስምሽ የተተከለው ዛፍ

ልጄ፣ ባለሽበት ክፉ አይንካሽ። እኛ አለን። በድምፄ እንዳትደነግጪ ብዬ ጻፍኩልሽ፤ ጎረቤታችን አስተማሪው በስልኩ ፎቶ አንስቶ ይልከዋል።

ተራራው እየነደደ ነው፤ ያሰጣሁት ልብስ አመድ ለብሷል። አያቶቻችን ከላይኛው መንደር ሰዎች ጋር ተጣልተው በመሃል ባዶ የተዉትን መሬት ታውቂዋለሽ። አንቺ የሄድሽ ዓመት ስንታረቅ እልል ብለን ዛፍ ተከልንበት። ለካ እሳት ሲያቆምልን የኖረው ባዶነቱ ነው! ዛሬ እኛም እነሱም አብረን እየቆረጥን ነው። አባትሽ ግን በስምሽ የተከለው ዛፍ ጋ ሲደርስ መጋዙን ጥሎ ተቀመጠ። «እሷን አልቆርጥም» ይላል፣ ግትር! እሳቱ ደግሞ በዚያው በኩል እየመጣ ነው።

የኔ እናት፣ እኔን መቼ ሰምቶኝ ያውቃል? አንቺ ደውዪና «ቁረጠው» በዪው። ከዕድሜዬ ቀንሶ ላንቺ ይጨምርልሽ፤ ዛፉ ይቅር፣ አንቺ ኑሪልን።