የተምጫው ዓሣ ስም

ፍኖተ ሰላም፣ ጥቅምት

ውድ ፍሬሕይወት፣

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። መልሴ የዘገየው ዓይኔ ስለሚደክም ብቻ አይደለም፤ ልመናሽ ከብዶኝ ነው። የተምጫ ወንዝ ዓሣ ከጣናው የተለየ ዝርያ መሆኑን ደርሰንበታል ብለሻል። በሳይንሳዊ ስሙ ውስጥ የባለቤቴን የሀብተሚካኤልን ስም ለማስገባትም ፈቃዴን ጠይቀሻል። አስተማሪሽን ስላልረሳሽው አመሰግንሻለሁ።

ግን አንቺ ያላየሽውን ልንገርሽ። ዓሣውን በጠርሙስ አድርጎ ሲያስተምራችሁ፣ ጠርሙሱ ላይ እሱ ራሱ ያወጣለት ስም ተለጥፎ ነበር። "ከድልድዩ በላይ ጺማም ይሉታል፣ ከድልድዩ በታች ነጭ ዓሣ ይሉታል፣ ፈረንጆቹ ደግሞ የጣናው ነው ይላሉ፤ እኔ አስታርቃቸዋለሁ" እያለ ይስቅ ነበር። ሥዕሉንና ልኩን ወደ ውጭ አገር ላከ። መልሱ ሁለት መስመር ነበር፤ የታወቀ ዓሣ ነው፣ አዲስ ስም አያሻውም የሚል።

የዚያን ዕለት ጠርሙሱን ቤት አምጥቶ ስሙን በምላጭ ፋቀው። ቀስ ብሎ፣ መስታወቱን እንዳይጭር እየተጠነቀቀ።

"ተወው እንጂ፣ ማን ያየዋል?" አልሁት።

"እኔ አየዋለሁ" አለኝ። ከዚያ ወዲህ እስኪሞት ድረስ ወንዝ አልወረደም።

አሁን ትክክል እሱ ነበር ትያለሽ። በዚያው ደብዳቤ ግን አንድ ባልደረባሽ እስካሁን እንደሚከራከርሽ ጽፈሻል። ነገ እሱ ቢረታስ? ስሙ ይሻራል። ሥርዓታችሁ መሆኑን አውቃለሁ፣ አልነቅፈውም። ነገር ግን እሱ ያወጣው ስም ሲፋቅ አንድ ጊዜ አይቻለሁ፤ የራሱ ስም ሲፋቅ ለማየት አቅም የለኝም። ደክሞኛል፣ ልጄ።

ባለፈው ቅዳሜ ለልቅሶ ቡሬ ሄጄ በገበያው በኩል አለፍሁ። ራጂያ የምትባል ነጋዴ ከተምጫ የመጣ ዓሣ ዘርግታለች። ያው ዓሣ ነው፤ ጺሙን አንጠልጥሎ፣ አፉን ከፍቶ። ስሙን ጠየቅኋት።

"መምህሩ ነው፣ እናቴ።"

"ምን አልሽ?"

"መምህሩ! ድሮ አንድ ጺማም አስተማሪ ወንዝ ዳር ይመጣ ነበር አሉ። ይጠይቃል፣ ይጠይቃል፤ መልሱን ሲሰማ አፉን እንዲህ ይከፍታል።" አፏን ከፍታ አሳየችኝ፤ አጠገቧ ያሉት ሴቶች በሳቅ ፈረሱ። "አጥማጆቹ ናቸው ያወጡለት። ይገዛሉ ወይስ ስሙን ለመጠየቅ ብቻ ነው የመጡት? እርስዎም እንደሱ ሆኑብኝ እኮ!"

ተቆጣሁ። ባለጌዎች ልላቸው አፌን ስከፍት ዓይኔ ዓሣው ላይ አረፈ። እውነትም እሱን ይመስላል፤ ይልቁንም ከንፈሩ።

"ያውቁት ነበር እንዴ?" አለችኝ።

"በመጠኑ" አልኋት።

በፌዝ የወጣ ስም ነው። ግን ማንም አልፈረመበትም፤ ስለዚህ የሚሽረውም የለም። ስለዚህ ፍሬሕይወት፣ ፈቃዴን አልሰጥሽም። ዓሣውን በወንዙ ስም ጥሪው፤ ነገ ቢሻርበት ተምጫ አያዝንም። ሀብተሚካኤልን ግን አጥማጆቹ ያስቀመጡት ቦታ ላይ ተይልኝ።

ከባሕር ዳር ስትመጪ ቡሬ ላይ ውረጂና ራጂያን ፈልጊያት። መምህሩን ይዘሽልኝ ነይ፤ አብረን እንበላዋለን። ስታጸዳው ጺሙን እንዳትቆርጠው ንገሪያት።

ወለተ ሐና
የመምህሩ ባለቤት