የደብሪቱ ራዲዮና የእኛ ጠላ ቤት

ዳንግላ፣ 1957

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 7
ዛሬም ጠላችን ጋኑ ውስጥ ቀረ። ሰዉ ሁሉ ፊት ለፊታችን፣ ደብሪቱ ጠላ ቤት። ራዲዮ ገዝታለች እኮ! ጥያቄና መልስ የሚባል ነገር አለ። አዲስ አበባ ተማሪ ይጠየቃል፣ እዚህ የእኛ ሽማግሌ ይጮኻል። አጮልቄ አየሁ። አቶ በዛብህ፣ "ጣና ነው በል! ጣና!" ራዲዮው ይሰማቸው ይመስል። ልጁ ሲሳሳት ባርኔጣቸውን መሬት ጣሉ። ሰው ምን ነካው?

እሑድ፣ ጥቅምት 8
እናቴ፣ "እንዲህ ከሆነ ቤቱን እዘጋለሁ። አንቺም ወደ አዘና ገጠር፣ አክስትሽ ዘንድ ትሄጃለሽ።"
አዘና! አክስቴ እኮ ተኝታም ታዛለች...
"ትምህርቱን ትተሽ ከተጎለትሽ ምን ላድርግሽ?"
መምህር ክንዴ ሰደቡኝ፣ ሰደብኳቸው፣ ከትምህርት ቤት ወጣሁ። ታዲያ ዝም ልበል?

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 14
ባዶ። ጎረቤታችን ሀብቱ ብቻ መጣ፤ እሱም እዚያ መቀመጫ አጥቶ። እየተነጫነጨ ጠጣ። "መልሱን አውቀው ነበር። ግን እኔን ማን ይጠይቀኛል?"
አሃ...

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 21
በር ላይ ቆሜ ጮኽኩ። "እዚህ የምትጠየቁት እናንተ ናችሁ! ያላወቀ እንደ እንቆቅልሽ አገር ይሰጣል!"
አቶ በዛብህ ገቡ። "እስቲ ጠይቂኝ፣ አንቺ ምላሰኛ!"
"የጃፓን ዋና ከተማ?"
"ጃፓን... ጃፓን..."
"አገር ይስጡኝ!"
"አዘናን ሰጠሁሽ!"
"አዘናን አልቀበልም!"
ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። የማር አገር ቆሰበርን ሰጡኝ። "ቆሰበር ገብቼ ማሩ ለኔ፣ ሰፈፉ ለአቶ በዛብህ!" አልኩ። ተከትለው የገቡት ገበሬዎችም ጥያቄዬን በአገውኛ መለሱ፣ እናቴ አስተረጎመች። ራዲዮው ይሄን ይችላል?

ቅዳሜ፣ ኅዳር 5
ቤቱ ጢም። ደብሪቱ ራሷ ራዲዮዋን ዘግታ መጣች። "እኔንም ጠይቂኝ እንጂ!" እናቴ አዘናን ማንሳት ትታለች። እኔ ግን ላብድ ነው። "ይሄን ባለፈው ጠይቀሻል!" ይሉኛል። ውሃ ስቀዳ ሳይቀር ጠይቂን ይላሉ። አይጠግቡም እንዴ? ጥያቄ አለቀብኝ... የማውቀው ይሄው ብቻ ነው?

ሰኞ፣ ኅዳር 7
ትምህርት ቤት ሄድኩ።
መምህር ክንዴ በሩ ላይ ቆሙ። "ልትማሪ?"
"አይ። ጥያቄ ልለቅም።"
"ይቅርታ ሳትጠይቂ አትገቢም።"
ጥርሴን ነክሼ ጠየቅኩ። የመጨረሻው ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። ጂኦግራፊ ነበር፣ ስለ ብራዚል ወንዝ። ገና መሃሉ ላይ ሳለን ደወል ተደወለ።
ማነው ይሄን ደወል እንዲህ ቶሎ የሚደውለው?