ጨሌሽን በእጅሽ አልሰጠሽም

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19 ቀን

አዳዳዬ፣ አክስቴ፣

እንዴት ብዬ እንደምጀምር አላውቅም። ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ቀድጄዋለሁ። አንቺ ማንበብ አትችዪም ነበር፤ ብትችዪም ከእኔ የመጣ ወረቀት ታነቢ እንደነበር እርግጠኛ አይደለሁም። የምጽፈው በአፌ መናገር ስለማልችል ነው። በአማርኛ መሆኑንም አትቀየሚኝ። እናቴ እስክትሞት፣ እስከ ስምንት ዓመቴ፣ ጎባ ያደግኩት በአማርኛ ነው። ሆዴ ውስጥ ያለውን አሁንም የማወራው በእሱ ነው። መጀመሪያ ቤትሽ ስመጣ ኦሮምኛዬን ሰምተሽ «ይቺ የወንድሜ ልጅ እንደ ነጋዴ ነው የምታወራው» ብለሽ የሳቅሽው ትዝ ይለኛል።

ከሞትሽ አራት ወር አለፈ። ሌሎቹ «ካረፈች» ይላሉ። እኔ ስታርፊ ስላላየሁ ከሞትሽ ነው የምለው።

በሲናና መንገድ ያለው ስንዴ ወገብ ደርሷል። እኔ አሁን ሮቤ፣ ታናሽ ወንድምሽ፣ አጎቴ ጋሼ ተስፋዬ ቤት ነው የምኖረው፤ ቀን ቀን ዘርና ማዳበሪያ የሚሸጥበት ሱቅ ውስጥ አግዘዋለሁ። ያንቺን ቤት የጸሎት ቤት አድርጎታል። መደቡ ፈርሶ የፕላስቲክ ወንበሮች ገብተዋል። ቅቤ የምትቀቢውን ምሰሶ በፈላ ውሃና በሳሙና አጥበው ሰማያዊ ቀለም ቀቡት፤ ቀለሙ አልያዘም። ሁለት ጊዜ ደግመው ቀቡት፣ አሁንም እየተላጠ ይወርዳል። ጋሼ ተስፋዬ «እንጨቱ ራሱ ንስሐ መግባት አለበት» ብሎ ሰዎቹን አሳቃቸው። እኔም ሳቅኩ።

የምጽፍልሽ ግን ለዚህ አይደለም። ሰናይት ተመልሳ መጥታለች። ያቺ ዩኒቨርሲቲ የምትማረው፣ የአገሩ የድሮ እምነትና ክርስትና ሲገናኙ ምን እንደሆነ የመመረቂያ ጽሑፍ የምትጽፈው ልጅ። ከነገ ወዲያ፣ ዓርብ ጠዋት፣ ወደ አዲስ አበባ ትሄዳለች። ስለ አንቺ ይዛው የምትሄደው ውሸት ነው። ያንን ውሸት እውነት ነው ብዬ ያጸናሁላት እኔ ነኝ።

መጀመሪያ የመጣችው ጥር ላይ ነበር። የድምፅ መቅጃዋን ቁና ላይ አስቀመጠች፤ እኔ መሃል ተቀምጬ አስተረጎምኩ። በሰማንያ ቀንሽ ጎባ ክርስትና እንደተነሳሽ፣ በየወሩ ሃያ አንድ ማርያምን እንደምትስሚ ነገርሻት። ቀጥለሽ ደግሞ ከሴቶቹ ጋር ለምለም ሳር ይዘሽ ሻያ ወንዝ እየወረድሽ ዋቃን ዝናብ እንደምትለምኚ፣ የሴቶቹ በዓል አቴቴ ሲደርስ ጨሌሽን አውጥተሽ ቅቤ ቀብተሽ አንገትሽ ላይ እንደምታደርጊው፣ መውለድ ላልቻሉትም እንደምትዘፍኚላቸው ነገርሻት። ሰናይት እስክሪብቶዋን አቆመች።

«ታዲያ እርስዎ የትኛው ነዎት?»

«ንገሪያት» አልሽኝ፤ «ሮቤ ገበያ ስትወጣ አንድ ሱቅ ብቻ ገብታ ነው የምትመለሰው?»

ሙስሊሟ ጎረቤትሽ፣ የኑሬ እናት፣ በር ላይ ቆማ ሆዷን ይዛ ሳቀች። «ወላሂ እኔን እንዳትጨምሪኝ!» አለች፤ ዝናብ ሲጠፋ እሷም ከኋላችሁ ወንዝ ትወርድ ነበርና። ሰናይት ቄሱ ምን እንደሚሉ ጠየቀችሽ። «ስለ ቅቤው ይቆጡኛል፣ እርጎውን ይጠጣሉ» አልሽ። ከዚያ ድምፅሽ ዝቅ አለ፦ «ወንድሜ ተስፋዬ ግን ጴንጤ ከሆነ ወዲህ እርጎዬንም አይጠጣም።»

ጨሌው የማን እንደነበረ ስትጠይቅሽ የእናትሽ፣ ከዚያ በፊት የአያትሽ ነው አልሽ። «ከእኔ በኋላ ደግሞ የዚህች ነው» ብለሽ ጭንቅላቴን በመዳፍሽ ነካሽው። እሱን አልተረጎምኩላትም። «ዕድሜዋ ስለመግፋቱ ነው የምታወራው» አልኳት፤ ጻፈችው። እሁድ እሁድ ጋሼ ተስፋዬ ቤተ ክርስቲያን ነጭ ጋዋን ለብሼ ከመዘምራን ጋር የምቆም ልጅ የጨሌ ወራሽ ነኝ ልበል? አፈርኩብሽ። አንቺ በዚያች በገበያ አማርኛሽ ምን እንዳልኩ አልገባሽም፤ አንገትሽን እየነቀነቅሽ ፈገግ አልሽ።

ሚያዝያ ላይ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ የወጣቶች ጉባኤ ነበር። መሪው ሁሉም ሰው ወጥቶ ይመስክር አለ። አንዱ ጫት ትቻለሁ አለ። አንዷ የጓደኛዋን ስልክ መስረቋን እያለቀሰች ተናገረች። እኔ ምንም አልነበረኝም። ሰርቄ አላውቅም፣ ወንድ ልጅ ቀና ብዬ አይቼ አላውቅም፤ የምተወው ነገር እንኳ የለኝም። ተራዬ እየቀረበ መጣ። ሌላ የምናገረው ስላልነበረኝ አንቺን ተናገርኩ። «ያሳደገችኝ አክስቴ ቤት ጨሌ አለ» አልኩ። «የት?» አለኝ መሪው። «ገብሱ ጎታ ውስጥ» አልኩ።

አዳራሹ በእልልታ ተናጋ። ጋሼ ተስፋዬ ከሽማግሌዎቹ ወንበር ተነስቶ መጥቶ አቀፈኝ። «የቤታችን ጌዴዎን!» አለኝ፤ የአባቱን መሠዊያ ያፈረሰው ጌዴዎን ማለቱ ነው። ስሜን የማያውቁ ሰዎች ስሜን እየጠሩ ሳሙኝ። ደስ አለኝ። ደስ አለኝ፣ አዳዳ። ይህን ካልጻፍኩ ሌላውን ሁሉ ብጽፍ ዋጋ የለውም።

ቅዳሜ ሰባት ሆነው መጡ፤ ስምንተኛዋ እኔ ነበርኩ። አንቺ ጉልበትሽን አሞሽ መደቡ ላይ ተቀምጠሻል። «ግቡ፣ እርጎ አለ» አልሻቸው። ጎታውን ሰበሩት። ገብሱ እስከ በሩ ፈሰሰ፤ ጨሌውን ሲያገኙ ገብሱን እየረገጡ ወጡ። ግቢው ውስጥ ላምባ አርከፍክፈው ለኮሱት። ጨሌ አይነድም፣ አላውቅም ነበር። ክሩ ይነድና ጨሌው ይፈነዳል። እንደ ቆሎ ተንጣጣ። «ሰይጣኑ ሲጮህ ስሙት!» አለ መሪው፤ ዝማሬው ጨመረ። እኔም ዘመርኩ። አንድም ቃል አልሳትኩም። አንቺ በሩን ተደግፈሽ ቆመሽ «ተስፋዬ፣ የእናታችን ነው እኮ» አልሽ። «እናታችንም ብትኖር ራሷ ታቃጥለው ነበር» አለሽ። ማን ነገራቸው ብለሽ አልጠየቅሽም። ጨሌው ጎታ ውስጥ መሆኑን የምናውቀው ሁለት ነበርን።

በማግስቱ ጠዋት እንደ ሁልጊዜሽ ከማንም ጋር ሳታወሪ ወጣሽ። ለምለም ሳር ደጃፉ ላይ አስቀምጠሽ «ናጋያን ኑ ቡልቺቴ፣ ናጋያን ኑ ኦልቺ» ስትይ ሰማሁሽ፤ በሰላም አሳድረኸናል፣ በሰላም አውለን። «አሳድረኸናል» ስትይ እኔንም የጨመርሽኝ መሰለኝ። ንዴቱ አልፎላታል ብዬ ተነፈስኩ። ገባሽና «ለእንግዳዋ ወንበር ስጧት» አልሽ። ቤት ውስጥ ከእኔና ከአንቺ በስተቀር ሰው አልነበረም።

ከዚያ ቀን ወዲህ ስሜን አልጠራሽም። አልተቆጣሽኝም፣ አልላክሽኝም። ስገባ ከመደቡ ትነሺልኛለሽ። ጨጨብሳውን መጀመሪያ ለእኔ ታቀርቢና «እንግዳ፣ ብዪ እንጂ» ትያለሽ። ጀሪካን ሳነሳ ከእጄ ትቀበዪኛለሽ፦ «እንግዳ አይለፋም።» በዚያ ባበጠ ጉልበትሽ ቦኖ ድረስ ሄደሽ ትቀጂያለሽ፤ እኔ ወንበሩ ላይ ተቀምጬ እጠብቅሻለሁ። ብትመቺኝ ይሻለኝ ነበር፤ እንደማትመቺኝም አውቀሽበታል። ስምንት ዓመት ያሳደግሽኝን በሰባት ሳምንት መለስሽው። ጨካኝ ነበርሽ። ከማን እንደተማርሽው አሁን ሳስብ ግን ጭካኔን መጀመሪያ ያመጣሁት እኔ ነኝ።

ከዚያ ታመሽ ተኛሽ። በመጨረሻው ቀን ከንፈርሽ ደርቆ ውሃ ይዤ ቀረብኩ። ይቅር በይኝ ልል አፌን ከፈትኩ፤ ድምፅ አልወጣም። ጉባኤ ፊት የወጣልኝ ድምፅ አንቺ ፊት እምቢ አለኝ። አየሽኝና «ተቀመጪ» አልሽ። «እንግዳ በሽተኛ አያስታምምም።» ውሃውን የኑሬ እናት ከእጄ ወስዳ አጠጣችሽ። ለእኔ ያልሽው የመጨረሻ ነገር ይኸው ነው።

ስትገነዢ የኑሬ እናት አደራ ብለሻት ስለነበር መዳፍሽ ውስጥ ለምለም ሳር አስጨበጠችሽ። ጋሼ ተስፋዬ አየና ጣቶችሽን ፈልቅቆ አወጣው። ግቢው ውስጥ ለታሰረችው ጊደርሽ ወረወረላት፤ በላችው። ከቀብር ስንመለስ የኑሬ እናት መንገድ ላይ ያዘችኝ። «አንቺ ልጅ፣ ስምንት ዓመት ሰላም በይኝ ስልሽ አንገትሽን ነው የምትደፊው። ጉባኤ ፊት ለቆምሽበት ቀን ምላሱን ከየት ተበደርሽው?» አለችኝ።

አሁን ወደ ትናንቱ ልምጣ። ሰናይት ሱቅ መጣች። አለመኖርሽን ስትሰማ አዘነች፤ ከዚያ ደብተሯን አወጣች። ጋሼ ተስፋዬ ማዳበሪያ እየመዘነ ነገራት። እህቴ አስጠራችኝ አለ። አልቅሳ፣ ጨሌዋን ከጎታው በገዛ እጇ አውጥታ፣ ራሷ እሳት ውስጥ ጣለችው፤ ጌታን ተቀብላ በሰላም ሄደች አለ። ሰናይት ቶሎ ቶሎ ጻፈች። «ይሄ ለምዕራፌ በጣም ይጠቅመኛል» አለች፤ «በፈቃዷ የተወች ሴት ስፈልግ ነበር።» ክፉ አይደለችም፤ እሷ የምታውቀው የነገሯትን ብቻ ነው። ወደ እኔ ዞረች።

«ጫልቱ፣ አንቺም ነበርሽ አይደል? እንዲህ ነው የሆነው?»

ጋሼ ተስፋዬ ዞር ብሎ እንኳ አላየኝም። እኔን መጠራጠር አያስፈልገውም። «አዎ» አልኩ።

ሌሊቱን አልተኛሁም። አንቺን አይተውሽ የማያውቁ ሰዎች አንድ ቀን ያንን ያነባሉ። የእናትሽን ጨሌ እየወረወርሽ ያዩሻል። ጎታውንም፣ የተረገጠውን ገብስም፣ «የእናታችን ነው እኮ» ያልሽውንም አያዩም። ጨሌሽን ካቃጠሉት በኋላ የቀረሽ ነገር ቢኖር አለመስጠትሽ ነበር። ትናንት እሱንም ወሰድኩብሽ።

ኢየሱስን አሁንም እወደዋለሁ። ማታ ማታ እጸልያለሁ፤ አንቺና ዋቃ ያላችሁበትን ቦታ አላውቀውም፣ ማንም በትክክል የነገረኝ የለም። አንድ ነገር ግን አውቃለሁ። ያን ቀን የተናገርኩት ኢየሱስን ደስ ለማሰኘት አይደለም። ሰዎች እንዲያዩኝ ነው።

ይቅር በይኝ ብዬ አልጽፍም። ይቅር ሳትዪኝ ሞተሻል፤ ወረቀት ይህን አይለውጠውም። እንግዳ እንዳልሽኝ ልቅር። አስታውስሻለሁ፤ ግን ሌሎቹ ለሟች እንደሚያደርጉት ደግ ደጉን ብቻ መርጬ አይደለም። ሳቅሽንም፣ «እንግዳ አይለፋም» ያልሽበትን ፊትሽንም፣ እኔ የዘመርኩበትን ቀንም ሳልቀንስ እይዘዋለሁ።

ነገ ጠዋት ሱቅ አልከፍትም። ከሮቤ በመጀመሪያው ሚኒባስ ጎባ እሄዳለሁ፤ ሰናይት ያረፈችበትን ፔንሲዮን አውቀዋለሁ። መቅጃሽን ክፈቺው እላታለሁ። ጥር ላይ ያልተረጎምኩላትን እተረጉምላታለሁ። ትናንት «አዎ» ያልኩት ውሸት ነው፣ አልሰጠቻቸውም፣ ቤቷ ገብተው ነው የወሰዱባት እላታለሁ። ማን ጠቆማቸው ብላ ትጠይቀኛለች፤ እኔ ነኝ እላለሁ፣ ስሜንም ጻፊው እላታለሁ። ጋሼ ተስፋዬ እስከ ምሳ ሰዓት ይሰማል። ከዚያ በኋላ ቤቱ አያስገባኝም፤ የኑሬ እናትም በሯን እንደምትከፍትልኝ አላውቅም፣ ባትከፍትልኝ አልፈርድባትም። የማድርበትን አላሰብኩም።

ሚኒባሱ አስራ ሁለት ተኩል ላይ ይነሳል። ሰናይት ፊት ድምፄ እምቢ ካለኝ፣ እስኪወጣ ድረስ ከበሩ ላይ አልንቀሳቀስም።

ጫልቱ